የቢረሌ አገር

ባለፈው ግንቦት ለዘመድ ሰርግ መካነ ሰላም ሄጄ ነበር። ከመናኸሪያው ስወጣ መንገዱን ለውሃ ቧንቧ ቆፍረውት አገኘሁ። ሌሊቱን ዘንቦ ስለነበር ከቦዩ የወጣው አፈር ዳር ዳሩን ተቆልሎ ይሸታል። ዝናብ ሲጥል ሰው ሁሉ የሚወደው የላይኛውን አፈር ሽታ ነው። ይሄኛው የታችኛው ነው፤ ፀሐይ አይቶ የማያውቅ አፈር፣ ቀዝቃዛ፣ ትንሽ እንደ ብረት፣ ትንሽ እንደ ሻገተ ነገር። ሻንጣዬን እንዳንጠለጠልሁ ቆሜ ቀረሁ። ልትቀበለኝ የመጣችው የአጎቴ ልጅ፣ "ምነው? አመመሽ እንዴ?" አለችኝ።

"ምንም አልሆንሁም" አልኋት። ዘጠኝ ዓመቴ ላይ አንድ ክረምት ሙሉ ይህን ሽታ ስከተል፣ ጆሮዬን መሬት ላይ ለጥፌ ሳዳምጥ ነው የከረምሁት።

አባቴ ጌታሁን በርና መስኮት የሚሠራ አናጢ ነበር። ከበሽሎ ወንዝ ማዶ ሰው ገደል እየፈለፈለ ኦፓል ያወጣል የሚል ወሬ ከተማችንን መካነ ሰላምን ሲያምሰው፣ መጋዙንና መላጊያውን ለጎረቤት አደራ ብሎ ከሁለት ጓደኞቹ ጋር ሄደ። ኦፓል ምን እንደሆነ ስጠይቀው፣ የጫማውን ክር እያሰረ፣ "ቀስተ ደመና የዋጠ ድንጋይ ነው፤ አመጣልሻለሁ" አለኝ። ለፋሲካ መጣ፤ ድንጋዩን አላመጣም፤ ተመልሶ ሄደ።

ግንቦት ሊያልቅ ሲል አንድ ቀን ከትምህርት ቤት ስመለስ ቤታችን ሰው ሞልቶታል። ሁሉም ቆሟል፤ የተቀመጠ የለም። ሴቶቹ የነጠላቸውን ጫፍ አፋቸው ላይ ይዘዋል። እናቴ ይመኙሻል መሀል ቤት ላይ፣ ጠብ እንደሚገላግል ሰው ሁለት እጇን ዘርግታ፣ "ማንም እንዳያለቅስብኝ! ሰምታችኋል? በዓይኔ ሳላየው ማንም እንዳያለቅስብኝ!" ትላለች።

እኔን ስታይ ድምጿን ዝቅ አደረገች። "ነይ ብርቄ። አባትሽ ከመሬት በታች ነው ያለው። መግቢያው ተዘግቶበት ነው። እየቆፈሩለት ነው፤ ሄጄ ይዤው እመጣለሁ።"

አመንኋት። ለምን አላምናትም? በማግስቱ ጠዋት በአጅባር በኩል ወደ በሽሎ በሚሄደው መኪና ተሳፈረች። እኔን የአባቴ እህት እትዬ ዘነቡ መጥታ ወደ አያቴ ቤት ወሰደችኝ። ትምህርት ሊዘጋ ሁለት ሳምንት ሲቀረው ነው፤ ፈተናም አልተፈተንሁ። መንገዱን ሙሉ እትዬ ዘነቡ እጄን ጨምድዳ ይዛ ነበር። ስንደርስ ጣቶቼ ነጭ ሆነዋል።

የአያቴ ቤት ከከላላ የግማሽ ቀን የእግር መንገድ ነው፤ ገደል አፋፍ ላይ፣ ከቤተ ክርስቲያኑ አጥር ሥር። አያቴ የአባቴ አባት ናቸው፤ የደብሩ መሪጌታ ነበሩ፤ እኔ አባባ እላቸዋለሁ። ሁለቱም ዓይናቸው በሞራ ተሸፍኖ ብርሃንና ጥላ ብቻ ነበር የሚለዩት። ስለዚህ የኔ ሥራ ወዲያው ታወቀ፤ የመቋሚያቸውን ጫፍ ይዤ ጠዋት ወደ ቤተ ክርስቲያን፣ ከዚያ መልሼ ወደ ቤት መምራት። "ድንጋይ አለ፤ ጭቃ ነው፤ እግርዎን ከፍ ያድርጉ" እላለሁ። እሳቸው በሆዳቸው ዜማ እያንጎራጎሩ ይከተሉኛል።

እዚያም ቤት የሚያለቅስ አልነበረም። እትዬ ዘነቡ ጓዳ ገብታ ዓይኗ ቀልቶ ትወጣለች፤ "ጭስ ነው" ትለኛለች። እሳት ባልነደደበት ቀንም ጭስ ነው ትለኛለች። ጎረቤት ሲመጣ ወሬው እኔን አይቶ ይቆማል። አንድ ቦታ የተቀመጠ ሰው የለም፤ ሁሉም የረሳው ነገር እንዳለ ይነሳል፣ በር ላይ ይቆማል፣ ይመለሳል። እኔም ሳላውቀው እንደነሱ ሆንሁ።

በሳምንቱ ይመስለኛል፣ ከቤተ ክርስቲያን ስንመለስ ጠየቅኋቸው።

"አባባ፣ አባዬ ከመሬት በታች ምን ይሠራል?"

መቋሚያው እጄ ላይ ከበደ። ቆመው ኖሯል።

"ከመሬት በታች ነው ያለሽ ማን ነው?"

"እማ።"

ዝናብ ሊመጣ ነፋሱ ተነስቶ ነበር፤ ጋቢያቸውን አንገታቸው ላይ አጠበቁት። ከዚያ፣ "እንግዲህ…" አሉ፣ "ከመሬት በታች አገር አለ።"

"ምን የሚባል?"

"ቢረሌ።"

እሳቸው ያሉት የከበረውን ድንጋይ ነው። እኔ የሰማሁት ብርሌ ነው። ብርሌን ደግሞ በሰርግ ቤት አውቀዋለሁ፤ አንገቱ ቀጭን፣ ሆዱ ድብልብል፣ ጠጅ ሲቀዳበት ቢጫ ብርሃን የሚሆን። አባቴ ትልቅ ብርሌ ውስጥ ተቀምጦ ታየኝ። በዚያ ቀጭን አንገት እንዴት እንደገባ ግን አልገባ አለኝ። ትከሻው ሰፊ ነበር፤ የቤታችንን በር እንኳ በጎኑ ነው የሚያልፈው።

"ጠባብ ነው ኣ፣ አባባ?"

"ምኑ?"

"መግቢያው።"

"አዎ" አሉ ቀስ ብለው። "መግቢያው ጠባብ ነው። ውስጡ ግን ሰፊ ነው።"

እንዲህ ተጀመረ። በየቀኑ በመንገዳችን ላይ እጠይቃለሁ፤ እሳቸው ይጨምሩልኛል። በቢረሌ አገር ፀሐይ የለም፤ ብርሃኑ ከድንጋዩ ውስጥ ነው የሚወጣው፣ ፍም ውስጥ እንዳለ ቀይ። ተራሮቹ ከላይ ወደ ታች ተዘቅዝቀው እንደ ጥርስ ተንጠልጥለዋል። ወንዙ እንደ መስተዋት የረጋ ነው፤ ሰው ሲረግጠው ይዘምራል። ብርሃኑ ከሁሉም አቅጣጫ ስለሚመጣ ማንም ጥላ የለውም። ለተራራው መረግድ፣ ለወንዙ ሰንፔር፣ ለቤቱ ግድግዳ ያክንት የሚል ስም ሰጡልኝ። ስሞቹን በግዕዝ ዜማ ይመስል እየሳቡ ነበር የሚጠሩልኝ።

ሌላ ልጅ ቢሆን በዚህ ደስ ይለው ይሆናል። እኔን ግን እያንዳንዱ መልስ እንቅልፍ ነሳኝ። እዚያ ዶሮ አለ ወይ ብዬ ብጠይቅ የለም አሉኝ፤ ዶሮ ከሌለ አባዬ እንደነጋ በምን ያውቃል? ስንት ቀን እንደቆየ ካላወቀ መምጣቱን ይረሳዋል። ጥላ የለውም አሉኝ፤ አባቴ ሰዓቱን የሚያውቀው በጥላ ነበር። የተነገረኝ አገር ሁሉ ውብ ነው፤ ግን በር የለውም። መሬቱን በእግሬ መደብደብ ጀመርሁ፤ ሦስቴ እመታና ቆሜ እጠብቃለሁ። ከጓሮ፣ ከአጥር ሥር፣ ከምንጩ ዳር፣ የተቆፈረ ጉድጓድ ባገኘሁበት ሁሉ ተኝቼ ጆሮዬን እለጥፋለሁ። አንዳንዴ የሆነ ነገር የሰማሁ ይመስለኛል። የራሴ ደም መሆኑን ያወቅሁት ኋላ ነው። ቀሚሴ ከደረቱ ጭቃ ሆኖ ስመጣ እትዬ ዘነቡ አትቆጣኝም ነበር። ያ ራሱ ያስፈራኝ ነበር።

ሐምሌ ላይ ከአጥራችን ወዲያ ያለውን መሬት አያ ሰይድ ለጤፍ ያርሱ ነበር። አያ ሰይድ የአያቴ ጎረቤትና የልጅነት ወዳጅ ናቸው፤ አንዱ ቄስ ቤት አንዱ ሼህ ቤት ቢያድጉም ጠዋት ሳይጠያየቁ አይውሉም። ማረሻው ገብቶ ሲገለብጠው ያ ቀዝቃዛ ሽታ መጣብኝ። እየሮጥሁ ሄጄ በሬዎቹ ፊት ቆምሁ።

"ቀስ ይበሉ! አያ ሰይድ፣ ቀስ ይበሉ! ጣሪያቸው ነው!"

በሬዎቹን ገቱ። "የማን ጣሪያ ልጄ?"

"የነአባዬ። ቢያፈርሱባቸውስ?"

ሁሉንም ነገርኋቸው፤ የተዘቀዘቀውን ተራራ፣ የሚዘምረውን ወንዝ፣ ዶሮ እንደሌለ። አያ ሰይድ ሞፈሩን እንደያዙ ሰሙኝ። ፊታቸው ላይ የዝናብ ውሃ ይሁን ላብ ይወርዳል። "አብሽሪ፣ አይዞሽ" አሉኝ መጨረሻ ላይ፣ "አላፈርስባቸውም።" ከዚያ ፀሐይ ገና ሳለ በሬዎቹን ፈቱና ወደ አያቴ ቤት ሄዱ። ተከትዬ ከግድግዳው ኋላ ቆምሁ።

"ኸረ በአላህ፣ መሪጌታ" ይላሉ አያ ሰይድ፣ "ይችን ልጅ ምን ውስጥ ነው ያስገቧት?"

የአያቴ ድምፅ ዝቅ ያለ ነበር። ከሁሉም የሰማሁት አንዱን ብቻ ነው። "አንድ ቀን አባብዬ ላሳድራት ብዬ ገባሁበት፤ አሁን መውጫው ጠፋኝ።"

ገባኝ አልሁ! አባባ ራሳቸው ገብተው ያውቃሉ። መንገዱን ያውቁታል። ዓይናቸውም የጠፋው ያንን ብርሃን አይተው ነው። መውጫው ቢጠፋቸውም መግቢያውን አልረሱትም፤ ሊነግሩኝ ግን አይፈልጉም።

ከዚያ ቀን በኋላ አባባ ወሬውን ተዉት። "ዛሬ ደክሞኛል፤ ሌላ ቀን" ይሉኛል። እኔ ግን አልተውሁትም፤ ራሴ እየጨመርሁ ለእሳቸው እነግራቸው ጀመር። በሩን የሚጠብቅ ሰው አደረግሁበት፤ የበሩን ቁልፍ በረዶ አደረግሁት። አንድ ጊዜ አባባ፣ "ብርቄ፣ እባክሽ" አሉኝ። ምን እንደለመኑኝ አልገባኝም።

እናቴ በእትዬ ዘነቡ ስልክ ትደውል ነበር። ኔትወርክ የሚገኘው ከቤተ ክርስቲያኑ ጥዶች በላይ ካለው ጉብታ ላይ ስለሆነ በቀጠሮ ነው የምንወጣው። እትዬ ዘነቡ ስልኩን ከፍ አድርጋ እየዞረች፣ "መጣ… ሄደ… መጣ" ትላለች። ከዚያ የእናቴ ድምፅ ከነፋስ ጋር ተቀላቅሎ ይደርሰኛል።

"ደህና ነሽ የኔ ልጅ? ትንሽ ነው የቀራቸው። ዝናቡ አስቸገራቸው እንጂ።"

"እማ፣ በሩን አገኙት?"

"የቱን በር?"

"የአባዬን።"

መስመሩ የተቋረጠ መስሎኝ ስልኩን አየሁት። "እየፈለጉት ነው" አለች ኋላ፣ ልክ እንደ አባባ ቀስ ብላ። እናቴም ስለ ቢረሌ ታውቃለች ማለት ነው። ከዚያ ወዲያ ማንም ሊያስጥለኝ አይችልም ነበር።

ጳጉሜ ገባ። ለአዲስ ዓመት ቤት ይለሰናልና እትዬ ዘነቡ ነጭ አፈር ልናመጣ ነው ብላ ከገደሉ ወገብ ላይ ወዳለው ዋሻ ወሰደችኝ። የመንደሩ ሴቶች ሁሉ ነጩን አፈር የሚቆፍሩት ከዚያ ዋሻ አፍ ላይ ነው፤ ከአፉ አልፎ የሚገባ ግን የለም። የከላላ ገበያ ቀን ስለነበር መንደሩ ጭር ብሏል። እትዬ ዘነቡ በመጥረቢያ ጀርባ ግድግዳውን ስትመታ አፈሩ ተቀርፎ ወደቀ፤ ከሥሩ አንድ መዳፍ የሚያህል ድንጋይ ብልጭ አለ። ጠጋ ብዬ አየሁት። ጥቃቅን፣ ሹል ሹል፣ እንደ ስኳር የሚያበራ። ሽታውም ያው ነው።

እትዬ ዘነቡ የመጀመሪያውን ጆንያ ተሸክማ ስትወጣ፣ "እዚችው ቁጭ በይ፤ አድርሼ መጣሁ" አለችኝ። የእጅ ባትሪዋን ከእቃው ጋር ትታዋለች። የምሳ ዳቦዬንም በኪሴ ይዣለሁ፤ አባዬ ሳይርበው አይቀርም ብዬ ከጠዋት ጀምሮ አልነካሁትም ነበር።

ገባሁ።

መጀመሪያ ቆሜ፣ ከዚያ ጎንበስ ብዬ፣ ከዚያ በደረቴ። አንድ ጠባብ ቦታ አለ፤ ጭንቅላቴን አዙሬ ነው ያለፍሁት። ጠባብ ነው ብለውኝ የለም? እሱን ሳልፍ ባትሪውን ቀና አደረግሁት። ጣሪያው ጥርስ አለው። ብዙ ጥርስ፤ አንዳንዱ ክንድ የሚያህል፣ ጫፉ ላይ ውሃ ያንጠለጠለ። ግድግዳው በብርሃኑ ሁሉ ነቃ። ነጭ፣ ማር የመሰለ፣ አንዳንድ ቦታ ሮዝ። ባትሪውን ባንቀሳቀስሁ ቁጥር ያ ሁሉ ድንጋይ አብሮኝ ይንቀሳቀሳል። አልፈራሁም። ይልቅ ተቆጣሁ። ይህን ያህል ቅርብ ሆኖ ነው ሦስት ወር ያንከራተቱኝ?

"አባዬ!" ብዬ ጮህሁ።

"…ባዬ" አለኝ ከወዲያ፣ ወፍራም ሆኖ፣ የወንድ ድምፅ ሆኖ።

ወደ ድምፁ ሮጥሁ። ሦስት እርምጃ ብሮጥ ነው። መሬቱ አለቀ። ተንሸራትቼ ታች ካለ እርከን ላይ በጎኔ አረፍሁ፤ ባትሪው እየተንኳኳ ወርዶ፣ ወርዶ፣ ጠፋ።

እንዲያ ያለ ጨለማ ከዚያ በፊትም በኋላም አላየሁም። ዓይኔን ብከፍት ብጨፍን አንድ ነው። ቁርጭምጭሚቴ ይጠዘጥዘኛል። ውሃ ይንጠባጠባል። ምን ያህል እንደቆየሁ አላውቅም። ዳቦውን በሁለት እጄ ይዤ፣ አባቴን እየጠራሁ፣ እሱም እየመለሰልኝ ተቀመጥሁ።

ውጭ የሆነውን የነገሩኝ በኋላ ነው። እትዬ ዘነቡ ተመልሳ ስታጣኝ ጩኸቷን አቀለጠችው። ገበያ ያልሄዱት አያ ሰይድና አያቴ ብቻ ነበሩ። አያ ሰይድ አያቴን እየመሩ መጡ፤ ገመድ ይዘው ገቡ፤ ጠባቡ ቦታ ላይ ትከሻቸው አላልፍ አላቸው። ያን ጊዜ አያቴ ጋቢያቸውን አውልቀው፣ "ገመዱን ወገቤ ላይ እሰሩልኝ" አሉ።

"መሪጌታ፣ እርስዎ ምን ያያሉ?"

"እዚያ ውስጥ አንተስ ምን ታያለህ? ጨለማው ለእኔ ያው ነው። እሰር!"

እኔ መጀመሪያ የሰማሁት ዜማቸውን ነው። ከላይ፣ ከሩቅ፣ እያቆራረጠ መጣ። ከዚያ፣ "ብርቄ! አውሪኝ! ዝም እንዳትዪ፣ በድምፅሽ ነው የምመጣው!"

"እዚህ ነኝ!"

"ስለ ምንም ይሁን፣ ብቻ አውሪ!"

ስለ ምን አወራለሁ? ስለ ቢረሌ አወራሁ። ተራሮቹን እንዳየኋቸው፣ ልክ እንዳሉት ጥርስ እንደሆኑ፣ አባዬም እንደመለሰልኝ። ድንጋይ ይንሸራተታል፤ አያቴ ያቃስታሉ፤ እኔ አወራለሁ። በመጨረሻ ቀዝቃዛ እጅ ፊቴን ነካኝ፤ ጉንጬን፣ ጭንቅላቴን፣ እግሬን ዳሰሰ። ተመስገን፣ ተመስገን ይላሉ።

"በይ ያዥኝ፤ እንውጣ።"

"አይሆንም" አልኋቸው። "እርስዎ ይመለሱ። እኔ ልደርስ ነው። ከዚህ ትንሽ ዝቅ ብል እደርሳለሁ፤ ሰምቼዋለሁ አባባ፣ ይጠራኛል!"

ልወርድ እግሬን ወደ ታች ስሰድ ክንዴን ጨበጡኝ። እንዲያ የጠነከረ እጅ እንዳላቸው አላውቅም ነበር።

"ብርቄ። ስሚኝ። ያ አገር የለም።"

"አለ! አየሁት!"

"ያየሽው ድንጋይ ነው። የሰማሽው የራስሽ ድምፅ ነው። ቢረሌን እኔ ነኝ የፈጠርሁት። ምን እንደምልሽ ጠፍቶኝ ዋሸሁሽ።" ትንፋሻቸው አጠረ። "አባትሽ ሞቷል። ግንቦት ላይ ነው። ገደሉ ተደርምሶበት፣ ያኔውኑ ሞቷል።"

"ማን አየው?"

"ማንም አላየውም። ሰው ግን አፈር ውስጥ አይኖርም፣ የኔ ልጅ።"

መታኋቸው። በጨለማ ውስጥ ያገኘሁትን ሁሉ መታሁ፤ ደረታቸውን፣ ፊታቸውን፤ ጢማቸውን ሳብሁ። እጄን አልያዙኝም። "ምቺኝ" አሉ። "ይገባኛል። ምቺኝ።" ከዚያ ከሆዳቸው አንድ ድምፅ ወጣ፤ ዜማም ቃልም ያልሆነ። "ልጄ ነው እኮ ብርቄ። ያንቺ አባት የኔ ልጅ ነው። እኔስ መች አለቀስሁለት?"

ይህን አስቤው አላውቅም ነበር። አባዬም የአንድ ሰው ልጅ እንደነበረ፣ አንድ ቀን እሱንም እጁን ይዘው የመሩት እንደነበር። እጄ ቆመ። አንገታቸው ሥር ገብቼ አለቀስሁ፤ እሳቸውም አለቀሱ፤ ዋሻውም የሁለታችንንም እየመለሰ አለቀሰ። ምን ያህል እንደቆየን አላውቅም። ገመዱ ሁለት ጊዜ ተወጠረ፤ አያ ሰይድ ከውጭ እየጠየቁ ነው። አያቴ መልሰው ሳቡት። ጠባቡ ቦታ እስክንደርስ ጀርባቸው ላይ አዘሉኝ፤ አያ ሰይድ እየጎተቱ፣ እሳቸው በእጃቸው እየዳሰሱ፣ እኔ "ዝቅ ይበሉ፣ ጥርሱ ይነካዎታል" እያልሁ ወጣን። ዳቦው እዚያው ቀረ።

ውጭ ስንደርስ አያ ሰይድ ፊታችንን አዩ። ኩታቸውን አውልቀው አለበሱኝና አያቴን ወደ ደረታቸው ሳቡ። ሁለቱ ሽማግሌዎች ተቃቅፈው ቆሙ። እትዬ ዘነቡ ግን ቁርጭምጭሚቴን በቅቤ እያሸች፣ "ለእናትሽ ትንፍሽ እንዳትዪ" አለችኝ። "በራሷ ጊዜ ትድረስበት። ሰምተሻል?"

እናቴ የመጣችው መስከረም ሲጋመስ ነው፤ ትምህርት ቤት ልታስመዘግበኝ። እትዬ ዘነቡ መካነ ሰላም ድረስ አደረሰችኝ። እናቴን መናኸሪያው ላይ ሳያት አላወቅኋትም። ከስታለች፤ ፊቷ ጠቁሯል፤ ጥፍሮቿ ተሰባብረዋል። አቅፋ ስትስመኝ ያ ሽታ ከጸጉሯ መጣ።

"ሁለት ክንድ ነው የቀራቸው" አለችኝ ወዲያው። "ሰዎቹ ለክረምት አቁመው ነበር እንጂ… አሁን ፀሐይ ወጥቷል፤ ይጀምራሉ። ለመስቀል ይዤው እመጣለሁ።"

እትዬ ዘነቡ እኔን አየችኝ። የእናቴን እጅ ያዝሁ።

ሦስት ቀን ቤት ውስጥ ስትሽከረከር ዋለች። አልጋውን በአባቴ በኩል ታነጥፋለች፤ ታፈርሳለች፤ ደግማ ታነጥፋለች። በር ላይ የሠራውን መቀርቀሪያ ዘይት ትቀባለች። ጎረቤቶች ይመጣሉ፤ "ሊያወጡት ነው" ትላቸዋለች። "አብሽሪ ይመኙ፤ ይወጣል፣ ይወጣል" ይሏታል። ፊታቸውን አያለሁ። ያ ፊት አዲስ አልሆነብኝም። አያቴ መንገድ ላይ ቆመው አገር አለ ሲሉኝ የነበራቸው ፊት ነው። እናቴንም ሁሉም ተባብሮ እያስገባት ነበር፤ የሚያወጣት ደግሞ የለም።

በአራተኛው ቀን፣ እኩለ ቀን ላይ፣ ደጅ ላይ የአባቴን ሰማያዊ ሸሚዝ በሳፋ ታጥባለች። በማግስቱ ልትመለስ የመኪና ትኬት ቆርጣለች።

"ሲወጣ ልብሱ ቆሻሻ ነው የሚሆነው" አለችኝ ቀና ሳትል፤ "ይህን ይለብሳል።"

"እማ።"

"እ?"

"አይለብሰውም።"

እጇ ቆመ። አረፋው ይንሳፈፋል።

"ምን አልሽ?"

"አባዬ ሞቷል እኮ እማ። ያኔውኑ ነው የሞተ። አባባ ነግረውኛል።"

በጥፊ መታችኝ። እናቴ መትታኝ አታውቅም ነበር። ጉንጬ ላይ ሳሙናው ቀዘቀዘኝ። አልሸሸሁም፤ አላለቀስሁምም። እንደገና ልትመታኝ እጇን አነሳችና እጇ እዚያው አየር ላይ ቀረ። አይታኝ አታውቅም ይመስል አየችኝ።

"ሞቷል?" አለች። እንደ ጥያቄ ነው ያለችው፤ ከእኔ፣ ከዘጠኝ ዓመት ልጅ፣ መልስ የምትጠብቅ።

"አዎ።"

ሸሚዙን ከሳፋው አወጣችው፤ አልጨመቀችውም። ውሃው እየተንጠባጠበ ደረቷ ላይ አድርጋ መሬት ላይ ተቀመጠች። መጀመሪያ አፏ ተከፈተ እንጂ ድምፅ አልወጣም። ከዚያ ወጣ። የኛ ሰፈር ሰው ያን ጩኸት ከግንቦት ጀምሮ ሲጠብቀው ኖሯል፤ አንድ ደቂቃ አልፈጀባቸውም። ነጠላቸውን እያዘቀዘቁ በአጥሩ በር፣ በጓሮ፣ በየአቅጣጫው ገቡ። ሦስት ቀን ሙሉ አብሽሪ ሲሏት የሰነበቱት ሴቶች ሁሉ አሁን አፋቸውን ለቀቁት።

ማንም አልተቆጣኝም፤ ማንም አላመሰገነኝም። አያቴን በበቅሎ እንዲያመጧቸው ሰው ላኩ። ወንዶቹ ድንኳን መትከል ጀመሩ። ከሰዓት በኋላ ላይ እናቴ ድምጿ ተዘግቶ፣ ግድግዳውን ተደግፌ ወደተቀመጥሁበት በጉልበቷ መጣችና ጭንቅላቷን ጭኔ ላይ አደረገች። ወዲያው ተኛች። ሰው ይገባል፣ ይወጣል፣ ካስማ ይመታል፣ አልነቃችም። አንዲት ሴትዮ፣ "አልጋ ላይ እናውጣት" ብላ ስትጠጋ እጄን አነሳሁባት። እግሬ እስከ ወገቤ ደንዝዞ ነበር። ፀሐዩ ከደጁ እስኪወርድ ድረስ አልተነቃነቅሁም።